«ሐመልማል» የሴት ስም ነው ወይ?

የዚህ ሳምንት ደብዳቤ የመጣው ከዚሁ ከጅማ ነው። ረዘም ያለ ስለነበር ጥቂት ቦታ ላይ አሳጥሬዋለሁ፤ ቃሉ ግን የጸሐፊው ነው።

«ጤና ይስጥልኝ ጋሽ ስንታየሁ። የጅማ ልጅ ነኝ፤ ዕድሜዬ 31 ነው። ስሜ ሐመልማል ይባላል። አዎ፣ ወንድ ነኝ። ትምህርት ቤት ስም ሲጠራ "አቤት" ስል ክፍሉ በሙሉ ይስቅ ነበር። አሁን በአንድ ባንክ ብድር ክፍል እሠራለሁ፤ ደንበኛ ጠረጴዛዬ ላይ ያለውን ስም ያነብና "ሐመልማል የለችም እንዴ?" ይለኛል። ባለፈው ዓመት አንድ ቢሮ የሰጠኝ ማስረጃ ላይ ጾታዬ "ሴት" ተብሎ ተጽፎ፣ እሱን ለማስተካከል አራት ቀን ተመላልሻለሁ። ይህን ሁሉ ለምጄዋለሁ።

አሁን ግን ባለቤቴ የሰባት ወር ነፍሰ ጡር ናት። ባለፈው እሁድ ቡና ላይ አማቴ፣ "ልጁ እገሌ ሐመልማል ሲባል ሰው በእናቱ የሚጠራ፣ አባት የሌለው አይመስለውም?" አሉ። ሁላችንም ሳቅን። ሌሊቱን ግን እንቅልፍ አልወሰደኝም።

አባቴ እኔ ልወለድ ሦስት ወር ሲቀረኝ ነው በመኪና አደጋ የሞተው። የተወለድኩት በሐምሌ ነው። ስሙን ያወጡልኝ የአባቴ አባት ናቸው፤ መሪጌታ ነበሩ፤ እሳቸውም ትንሽ ልጅ ሳለሁ ዐረፉ። ሲጠሩኝ "ና አንተ፣ እሳት ያልበላህ" ይሉኝ ነበር። ምን ማለታቸው እንደሆነ ሳልጠይቃቸው ቀረሁ። ስሙ የሴት ከሆነ ለምን ለእኔ ሰጡኝ? ልጄ ሳይወለድ በፍርድ ቤት ብቀይረውስ? አያቴን መበደል ይሆንብኛል?»

ወንድሜ ሐመልማል፣ ወደ መልሱ ከመግባቴ በፊት አንድ ነገር እናስተካክል። እኔ ጋሽ አይደለሁም። ሴት ነኝ፤ ልጆች አሳድጌ የልጅ ልጅ ያየሁ ሴት። በስምህ የተነሣ ሰው ሴት አድርጎ ያስበኛል ብለህ ያዘንክበት ደብዳቤ፣ እኔን በስሜ የተነሣ ወንድ አድርጎ ጀመረ! አልተቀየምኩም፤ ብቻዬን ቁጭ ብዬ ሳቅሁ እንጂ። «ጋሽ ስንታየሁ» የሚል ደብዳቤ አንተ የመጀመሪያው አይደለህም። ስልክ ሳነሣ ደግሞ «እባክዎ ለአቶ ስንታየሁ ያቀብሉልኝ» የሚሉኝ አሉ፤ አንዳንዴ ሲደክመኝ «ወጥተዋል» እላቸዋለሁ።

ስለዚህ ከእኔ ስም እንነሣ፤ ያንተን ለመረዳት ይጠቅመናል። ስንታየሁ ማለት «ስንት አየሁ» ነው። እናቴ ከእኔ በፊት ሁለት ልጆች ቀብራ ስለነበር ያየችውን ሁሉ በአንድ ቃል ጠቅልላ ለእኔ አሸከመችኝ። አሁን ቃሉን ልብ ብለህ ተመልከተው። በአማርኛ «አየ» ካልክ ወንድ ነው፤ «አየች» ካልክ ሴት ናት። «አየህ» ለወንድ፣ «አየሽ» ለሴት። «አየሁ» ስትል ግን ቋንቋው ወንድ ነህ ሴት ብሎ አይጠይቅህም። ጥሩነህና ጥሩነሽ፣ ታደለና ታደለች፣ በላይነህና በላይነሽ በጊዜ መንገድ ሲለያዩ ስንታየሁ ሳይለይለት የቀረው በዚህ ምክንያት ነው። ዓለማየሁም አሠራሩ ያው ነው፤ «ዓለም አየሁ»። በሰዋስው ቢሆን ሴትም በተጠራችበት ነበር። ልማዱ ግን ለወንድ ሰጠው፤ እኔም በዚህ ዕድሜዬ ዓለማየሁ የምትባል ሴት አልገጠመችኝም። እንግዲህ ሰዋስው የፈቀደውን ልማድ ይከለክላል፤ ልማድ የከለከለው ግን ስህተት ነው ማለት አይደለም።

ያንተ ስም ደግሞ ግሥ እንኳ አይደለም። የነገር ስም ነው፤ ደስታ፣ በረከት፣ ጸጋ እንደምንላቸው። እነዚህ በራሳቸው ጾታ የላቸውም፤ ጾታውን የሚያመጣው የሚጠራበት ሰው ነው። በየካቲት 1929 ዓ.ም. ጣሊያኖች የገደሏቸው አርበኛ ራስ ደስታ ዳምጠው ናቸው፤ ደስታ የምትባል ጎረቤት ግን ሁላችንም አለችን። ራስ ደስታን በሴት ስም ይጠሩ ነበር ብሎ የሚስቅ ሰው አላየሁም።

አሁን ወደ ሐመልማል። ቃሉ ግእዝ ነው፤ ለምለም፣ አረንጓዴ፣ ልምላሜ ማለት ነው። ዘመዱ ሐምል ነው፤ ቅጠላ ቅጠል፣ ጎመን። ትግርኛ የሚናገር ጎረቤት ካለህ ጎመኑን «ሓምሊ» ሲለው ትሰማለህ። የተወለድክበትን ወር፣ ሐምሌንም፣ ከዚሁ ከልምላሜው ጋር ያያይዙታል። የጅማን ሐምሌ ለሚያውቅ ሰው ይህ ማብራሪያ አያስፈልገውም፤ ቆርቆሮው ሌት ተቀን ሲደበደብ፣ አዌቱ ደፍርሶ ሲሞላ፣ አጥሩ ሳይቀር ሲያቆጠቁጥ አይተሃል።

ግን አያትህ መሪጌታ ነበሩ። መሪጌታ ሐመልማልን የሚያውቀው ከጓሮ ብቻ አይደለም። ሁለት ቦታ በቃል የሚያውቀው አለ። አንዱ ዳዊቱ ላይ ነው፤ መዝሙር 67። ስለ ርግብ ክንፍ ይናገራል፤ ክንፏ በብር የተሠራ፣ ጎኖቿ ደግሞ «በሐመልማለ ወርቅ»። ወርቅ ሲለመልም ታውቃለህ? ጥሩ ወርቅ ፀሐይ ሲያርፍበት ወደ አረንጓዴ የሚሄድ ቢጫ ያወጣል፤ ባለቅኔው ያንን ነው የያዘው። እኔ ይህን ጥቅስ ባየሁ ቁጥር የደረሰ ማሽላ ማሳ ትዝ ይለኛል፤ ሊቃውንቱ ይስቁብኝ ይሆናል።

ሁለተኛው ግን ላንተ ዋናው ነው። ሙሴ በጎቹን እየጠበቀ ወደ ኮሬብ ተራራ ሲሄድ ያየው ቁጥቋጦ፤ ኦሪት ዘጸአት ምዕራፍ 3። እሳት ይነድበታል፤ ቁጥቋጦው ግን አይቃጠልም። ቤተ ክርስቲያን ዕፀ ጳጦስ ትለዋለች፤ እሳቱን መለኮት፣ ቁጥቋጦውን እመቤታችን አድርጋ ትተረጉመዋለች። መምህራኑ ይህን ሲያስተምሩ የሚጠቀሙባቸው ሁለት ቃላት አሉ፤ ነበልባልና ሐመልማል። ነበልባሉ ሐመልማሉን አላቃጠለውም፣ ሐመልማሉም ነበልባሉን አላጠፋውም ይላሉ። የቅኔ ቤት ሰው በእንቅልፉም የሚለው ነገር ነው።

አሁን «ና አንተ፣ እሳት ያልበላህ» የሚለውን መልሰህ አዳምጠው። አያትህ ስምህን ወደ አማርኛ እየመለሱ ነበር የሚጠሩህ።

እኔ አያትህን አላውቃቸውም። ደብዳቤህን ሳነብ ግን የሚታየኝ ነገር አለ። ልጃቸውን ቀብረዋል። ምራታቸው የስድስት ወር ነፍሰ ጡር ሆና ጥቁር ለብሳ ተቀምጣለች። ድንኳኑ ሲነሣ፣ ለቀስተኛው ሲበተን፣ ሽማግሌው ከዳዊታቸው ጋር ብቻቸውን ቀሩ። እሳት ቤታቸው ገብቶ ነበር። ከሦስት ወር በኋላ፣ በዚያ ሁሉ ዝናብ መሐል፣ አንተ መጣህ። ስምን መልአክ ያወጣዋል ይባላል፤ ያንተን ግን መሪጌታ ነው ያወጣው፤ የሚያወጣውንም ያውቅ ነበር። «የሴት ስም ለምን ሰጡኝ?» ላልከው መልሴ ይኸው ነው፤ የሴት ስም አልሰጡህም። እንደ እኔ እንደ እኔ አንተ ሴት ሆነህ ብትወለድም ስምህ ያው ሐመልማል ነበር። ያን ጊዜ እሳቸው የቸገራቸው ወንድ ወይስ ሴት የሚለው አልነበረም፤ ይተርፋል ወይስ አይተርፍም የሚለው እንጂ።

ያም ሆኖ ሰው እንደሚስቅብህ አውቃለሁና ሞክሼህን ላስተዋውቅህ። ዐፄ ሚናስ እ.ኤ.አ. በ1563 ሲሞቱ ዙፋኑ ለልጃቸው ለሠርጸ ድንግል ደረሰ፤ ገና ልጅ ነበር። ያኔ «ይህ ሕፃን አይገዛኝም» ብሎ ጦር ካነሡት አንዱ የንጉሡ የሥጋ ዘመድ የሆነ መኮንን ነበር። ስሙ ሐመልማል። ወንድ ነው፤ የጦር አዛዥ ነው፤ ንጉሥ ላይ ያመፀ ነው። አመፁ አልተሳካለትም፤ እኔም አመፀኛን አርአያ አድርግ እያልኩህ አይደለም። ነገር ግን የዛሬ 460 ዓመት ገደማ በዚህ ስም ሠራዊት ታዝዟል። ባንክህ በር ላይ «ሐመልማል የለችም እንዴ?» የሚለው ደንበኛ ያን ጊዜ ቢኖር ኖሮ፣ ጥያቄውን ትንሽ ቀነስ አድርጎ የሚጠይቅ ይመስለኛል።

ይህን ታሪክ በተነሣ ቁጥር የሚያስደንቀኝ የስሞቹ ነገር ነው። ሠርጸ ድንግል ማለት የድንግል ቡቃያ ነው፤ ሠርጽ ቡቃያ፣ ቀንበጥ። አያቱ እቴጌ ሰብለ ወንጌል ናቸው፤ የወንጌል ሰብል። የወንድ አያቱ ዐፄ ልብነ ድንግል፤ የድንግል ዕጣን፣ ያው ከዛፍ የሚገኘው። ያመፀበት ዘመዱ ደግሞ ሐመልማል። ቤተ መንግሥት ሳይሆን የአትክልት ቦታ ነው የሚመስለው! ለዚያ ዘመን ሰው ቅጠልና ቡቃያ ለወንድ መጠሪያ መሆኑ ነውር አልነበረም። ቅጠል ሕይወት ነው፤ ሕይወት ደግሞ የሁሉም።

ታዲያ ወደ ሴት ማን ወሰደው? አንድ ሰው አይደለም፤ አፋችን ነው። በአማርኛ ትንሽ ነገር፣ የሚወደድ ነገር ወደ አንስታይ ያዘነብላል። ደስ ያለችንን ቤት «ቤቷ» እንላለን፤ ወንድ ልጃችንን እንኳ ስናቆላምጥ «ነይ አንቺ» እንለዋለን። አበባ፣ ለምለም፣ ሰብለ፣ ሁሉም በዚህ መንገድ ቀስ በቀስ ወደ ሴቶች ልጆቻችን ሄዱ፤ «አበበ» ግን ግሥ ስለሆነ ወንዱ ዘንድ ቀረ። ሐመልማልም አብሮ ሄደ። በላዩ ላይ ደግሞ ድምፃዊት ሐመልማል አባተ መጣች፤ ከዚያ ወዲያ ስሙን የሰማ ሁሉ መጀመሪያ የሚታየው እሷ ናት። ይህ የዝና ሥራ ነው፤ አንድ ዝነኛ ሰው አንድን ስም ለአንድ ትውልድ ይይዘዋል። ይዞታው ግን የካርታ አይደለም።

ሌላው ደግሞ አንተ ያለኸው ጅማ ነው። ሐሙስ ዕለት ሂርማታ ገበያ ወርደህ «ከድር!» ብለህ ብትጣራ ስንት ወንድ ዞር እንደሚል ታውቃለህ። ከድር የምንለው ስም በዐረብኛው ኺድር ነው፤ ትርጉሙ አረንጓዴው። በእስልምና ትውፊት ኺድር ለተባለው ጻድቅ ይህ ስም የተሰጠው ደረቅ መሬት ላይ ሲቀመጥ መሬቱ ከሥሩ ስለለመለመ ነው። በአፋን ኦሮሞም ላሊሳ ማለት ለምለም ማለት ነው፤ ሴቷን ላሊሴ ይሏታል፤ ወንዱ ግን ላሊሳ ሆኖ በኩራት ይሄዳል። እንግዲህ ቁጠር። አንተና ከድር፣ አንተና ላሊሳ በትርጉም ሞክሼዎች ናችሁ። አንዱን በዐረብኛ፣ አንዱን በአፋን ኦሮሞ፣ አንዱን በግእዝ ጠሩት፤ በአንዲት ከተማ ውስጥ ሁለቱ ወንድ ሆነው ሲኖሩ ሦስተኛው ብቻ «የለችም እንዴ?» ይባላል። መሥሪያ ቤትህ ከድር የሚባል ባልደረባ ካለህ ነገ ይህን ንገረው። ቡና የሚጋብዝህ እሱ ነው፤ ትከፍላለህ አንተ።

ወደ አማትህ እንምጣ፤ እውነተኛው ቁስል እዚያ ነውና። በመጀመሪያ ነገር፣ አማትህ ክፉ አልተናገሩም። የእኛን አጠራር ያውቃሉ፤ የልጅ ሁለተኛ ስም የአባቱ ስም ነው፤ ሁለተኛው ስም የሴት ሲመስል ሰው ዝም ብሎ አያልፍም፤ በዐይኑ ይቆጥራል። በልጅነታቸው እንዲህ ተብሎ የተሰደበ ልጅ ሳያዩ አልቀሩም። የፈሩት ላልተወለደው የልጅ ልጃቸው ነው። ስለዚህ «የሴት ስም አይደለም» ብለህ ክርክር እንዳትከፍት። የሚመጣው እሁድ ቡናው ሁለተኛው ላይ ሲደርስ አያትህ እንዴት ይጠሩህ እንደነበር፣ ለምን እንደነበር ንገራቸው። አባትህ መቼ እንደሞተ ያውቃሉ፤ ሌላውን ራሳቸው ይገጣጥሙታል። አንዲት እናት ያንን ሰምታ «ቀይረው» የምትል አይመስለኝም።

ሁለተኛ፣ ይህን ለአማትህ ሳይሆን ላንተ ነው የምለው። ሌሊቱን እንቅልፍ የነሣህ «አባት የሌለው» የሚለው ቃል እንጂ «ሐመልማል» የሚለው ቃል አይመስለኝም። አንተ አባትህን ሳታይ ያደግክ ልጅ ነህ። ያ ቃል ያኔም ሰፈር ውስጥ ጆሮህ ገብቶ ይሆናል። በእናቱ ስም የሚጠራ ልጅም ቢሆን እኮ ነውሩ የልጁ አይደለም፤ እናቱም ብትሆን አሳድጋዋለች። ያንተ ልጅ ግን አባት አለው፤ ያውም ስሙ ምን ይሆን ብሎ ገና ከሁለት ወር በፊት እንቅልፍ ያጣ አባት።

ሦስተኛ፤ ደብዳቤህን ሁለት ጊዜ አነበብኩት፣ ባለቤትህ ምን እንደምትል አንድም ቦታ የለም። አማትህ ተናገሩ፣ አያትህ ተናገሩ፣ ደንበኛው ተናገረ፣ የቢሮው ጸሐፊ ተናገረ። ልጁን የተሸከመችው ግን ዝም ብላለች። ጠይቃት። ሐመልማል የሚባል ወንድ አግብታለች፤ ስሙን ቀድማ ሰምታ ነው እሺ ያለችው።

ስለ ወረቀቱ ብዙ አልልም፤ ባንክ ስለምትሠራ ከእኔ ይልቅ አንተ ታውቃለህ። በአዋጅ ቁጥር 760/2004 መሠረት ልጁ በተወለደ በ90 ቀን ውስጥ ልደቱ መመዝገብ አለበት። ምስክር ወረቀቱ ላይ የእናት ሙሉ ስም ለብቻው፣ የአባት ሙሉ ስም ለብቻው ይሰፍራል፤ ስለዚህ ሰነዱን ያየ ሰው ሐመልማል እናት ነው አባት ብሎ አይደናገርም። አንተ ጠንቀቅ ማለት ያለብህ ፊደሉ ላይ ነው። ሐመልማል፣ ሀመልማል፣ ሃመልማል እየተባለ ይጻፋል፤ በቁቤ ሲጻፍም እንደ ጸሐፊው ጆሮ ይለያያል። መታወቂያህ፣ ዲግሪህና የጋብቻ ማስረጃህ ላይ ያለው አንድ ዓይነት መሆኑን ሆስፒታል ከመግባታችሁ በፊት አይተህ፣ ልጁንም በዚያው አስመዝግበው። ሕፃን አቅፈህ ለአንድ ፊደል አራት ቀን መመላለስ ካለፈው ዓመት ይከፋል። ጾታህንም ከመዝጋቢው ፊት ሳትነሣ አንብበው፤ እኔ አንድ ጊዜ ሳላነብ ተነሥቼ «ወንድ» ሆኜ ቤቴ ገብቻለሁ።

ብቀይረውስ ላልከው፣ ይቻላል። ስም መቀየር በፍርድ ቤት የሚታይ ጉዳይ ነው፤ ማመልከቻ አስገብተህ በቂ ምክንያትህን ታስረዳለህ። ከተፈቀደልህ በኋላ ግን ትምህርት ማስረጃህን፣ ፋይዳህን፣ የባንክ ሒሳብህን፣ ስልክህን፣ የጋብቻ ሰነድህን ተከትለህ አንድ በአንድ ማስተካከል አለ። ስሙ በእውነት የሚያስመርርህ ቢሆን ኖሮ ይህን ሁሉ ድካም «ሂድ፣ ተወጣው» እልህ ነበር፤ አያትህም በደል አይሉትም። ሰው የሚኖረው ስሙን ተሸክሞ እንጂ በስሙ ተሰቅሎ አይደለም። ግን «ይህን ሁሉ ለምጄዋለሁ» ብለህ የጻፍከው አንተ ነህ። ሠላሳ አንድ ዓመት የለመድከውን በአንድ እሁድ ቡና ለመተው አትቸኩል።

ደግሞም ያንተ አገር አንድ ሰው በአንድ ስም ብቻ የሚኖርበት አገር አይደለም። ጅረን ላይ ቤተ መንግሥታቸው የቆመው አባ ጅፋር በተወለዱበት ስም አይደለም የምናውቃቸው፤ አባ ጅፋር የፈረስ ስም ነው። ከእሳቸው በፊት ጅማን የገዙት አባ ጎሞልና አባ ቦካም እንደዚያው። ዐፄ ቴዎድሮስ አባ ታጠቅ፣ ዐፄ ምኒልክ አባ ዳኘው ናቸው። ደንበኛ የሚያደናግርህ ከሆነ ጠረጴዛህ ላይ «አቶ ሐመልማል» ብለህ ከነአባትህ ስም አስጽፍ፤ ሁለት ፊደል ነው የሚጨምረው። ስልክ ስታነሣም «ሐመልማል ነኝ» ከማለት «አቶ ሐመልማል ነኝ» በል፤ ራስን አቶ ማለት ትንሽ ያሳፍራል፤ ይለመዳል። ጓደኞችህ ደግሞ የፈረስ ስም ይፈልጉልህ፤ ፈረስ ባይኖርህም ባጃጅ አይጠፋም።

አንድ ነገር ቀረኝ፤ ይህንን ሳስብ ነው የዋልኩት። የልጁን ስም ስትመርጡ ለብቻው አትጥሩት፤ ካንተ ስም ጋር አያይዛችሁ ጥሩት። ስምህ ግእዝ ስለሆነ ከፊቱ የሚመጣውን ስም ይስበዋል፤ ሁለቱ ተያይዘው ሐረግ ይሆናሉ። ወንድ ቢሆን ሠርጸ ብትሉት፣ ሠርጸ ሐመልማል፤ የልምላሜ ቡቃያ። ያኔ በ1563 የተጣሉት ሁለቱ ዘመዳሞች በአንድ መታወቂያ ላይ ታረቁ ማለት ነው። ሴት ብትሆን ጽጌ ሐመልማል፤ የልምላሜ አበባ። ጽጌ ደግሞ እንደ እኔና እንዳንተ ነው፤ ወንድም ሴትም ይጠራበታልና ሐኪሙ ምን እንደሆነ እስኪነግራችሁ መጠበቅም አያስፈልግም። ለአማትህ ሁለቱንም ንገራቸውና ፊታቸውን እይ።

ያኔ ጥቁር ለብሰው የተቀመጡት እናትህስ በሕይወት አሉ? ካሉ፣ አያትህ ስሙን ባወጡበት ቀን ምን እንዳሉ ከእሳቸው በቀር የሚያውቅ የለም። ሂድና ጠይቃቸው፤ ያሉትንም ጽፈህ ላክልኝ። በዚያኛው ደብዳቤ ግን «ወይዘሮ ስንታየሁ» በል።